ያልወረደ ናዳ

ባሌ ስንጥቁን ያየው የጉዞው ወቅት ሊከፈት አንድ ሳምንት ሲቀረው ነው። ቀደም ብሎ ቢያየው ቀብድ ባልተቀበልን ነበር። ዘግየት ብሎ ቢያየው ደግሞ ቢያንስ ትንሽ ሠርተን ነበር። የኛ ነገር እንዲህ ነው፤ ክፉ ወሬ እንኳ ሰዓቱን አመቻችቶ ነው የሚመጣብን።

ሥራችን ሰው ተራራ ማውጣት ነበር። ባሌ ይመራል፤ እኔ ስልክ አነሳለሁ፣ ቀብድ እቀበላለሁ፣ የሚከራየውን ጫማ በየቁጥሩ እደረድራለሁ፣ ዝናብ መታን ብለው የሚነጫነጩትን አባብላለሁ። ቢሮ አለን ስል ትልቅ ነገር እንዳይመስላችሁ። ከምንኖርበት ክፍል ሥር ያለች፣ መስኮቷ ወደ መንገድ የሚያይ፣ ገመድና የመኝታ ከረጢት እስከ ጣሪያዋ የተቆለለባት ጠባብ ክፍል ናት። ሽታዋ የእርጥብ ካልሲ ሽታ ነው። እኔ ግን እወዳት ነበር። ከባለቤቷ ተከራይተን፣ ቀለም ቀብተን፣ ወንበሩን አንድ በአንድ እየገዛን ነው ቢሮ ያደረግናት።

ወደ ጫፉ የሚያደርሰው መንገድ አንድ ብቻ ነው። ግማሽ ላይ ሲደርስ ገደሉን ታክኮ ይጠባል፤ በአንድ ወገን ግድግዳ፣ በሌላው ወገን አየር። መሪዎቹ ቦታውን “ወገቡ” ይሉታል። ከወገቡ በላይ ባለ አንድ ፎቅ ቤት የሚያህል ቋጥኝ ተንጠልጥሏል። ሁሌም ተንጠልጥሎ የኖረ ስለሆነ ቀና ብሎ የሚያየው የለም። ባሌ ብቻ ወቅቱ ሳይከፈት በጀርባ በኩል ዞሮ ወጥቶ ያየዋል። እንዲህ ያለ ሰው ነው። ማታ በሩን ቆልፎ ሲያበቃ፣ ተመልሶ መቆለፉን በእጁ የሚነካ ሰው ነው።

ያን ቀን ምሳ ሳይደርስ ተመለሰ። ቦርሳውን እንኳ ከትከሻው ሳያወርድ ወንበር ላይ ቁጭ አለ።

“ቋጥኙ ከጀርባው ተሰንጥቋል” አለኝ።

“የድሮ ይሆናል።”

“አምና ጣቴ አይገባም ነበር። ዛሬ ጡጫዬ ገባ።”

“ሌላ ማን አየው?”

በኔ ወንበር ላይ የተቀመጠ ሰው ሁሉ የሚጠይቀው ጥያቄ ነው። እሱ ግን እንደማያውቀኝ አድርጎ አየኝ።

የመሪዎቹ ማኅበር አንድ ሕግ አለው፤ ያየ ይናገር፣ የተናገረ አይወቀስ። አንድ መሪ አደጋ አየሁ ካለ መንገዱ ለሁሉም ይዘጋል፣ ወቅቱም እስኪያልቅ አይከፈትም። ድምፅ አይሰጥበትም። ሕጉን ያወጡት የቀድሞዎቹ መሪዎች ብልሆች ነበሩ፤ ድምፅ ይሰጥ ቢባል በገዛ ጉሮሮው ላይ እጁን የሚያወጣ እንደሌለ ያውቃሉ። ስለዚህ የአንድ ሰው ቃል ይበቃል። የዚያ የአንዱ ሰው ሚስት ምን ትሁን የሚለውን ግን አልጻፉም።

እኛ ደግሞ በዚያው ዓመት አዳዲስ ድንኳኖች በብድር ገዝተን ነበር። ለብድሩ ቤቱን ያስያዘልን ታላቅ ወንድሜ ነው። ጋሼ ነው የምለው። አባታችን ሲሞት እጄን ይዞ ያሳደገኝ እሱ ነው፤ ልብስ ሰፊ ነው፣ ሱቁም መኝታውም እዚያችው አንዲት ቤት ውስጥ ናቸው። ባንክ ሄዶ ሲፈርም መነጽሩን ረስቶ ስለነበር “የት ጋ ነው?” አለኝ፤ እኔ በጣቴ አሳየሁት።

“ለጋሼ ምን እንለዋለን?” አልኩት ባሌን።

“ቋጥኝ ተሰነጠቀ እንለዋለን።”

“ባንኩስ ቋጥኝ ያውቃል?”

ከሰዓት በኋላ ወደ ማኅበሩ ሄደና ተናገረ።

በማግስቱ ስብሰባ ተጠራ፤ እኔም አብሬው ሄድኩ። አንድም ሰው አልወቀሰውም፣ ሕጉ ስለሚከለክል። ዝም ብለው ወንበራቸውን ከሱ ፈቀቅ አደረጉ እንጂ። ስንወጣ በር ላይ የጠበቀን አለሁ ነው። ስሙ አይደለም፣ ቅጽል ነው። ሰው ችግር ሲገጥመው ቀድሞ “አለሁ፣ አለሁ” የሚል፣ ሲፈልጉት ግን ስልኩ የማይነሳ ሰው ነው። ከኛ የሚበልጥ ድርጅት፣ ሁለት መኪናና ብዙ ጥርስ አለው።

“ዝም አይነቅዝም ሲባል አልሰማህም፣ ወንድሜ?” አለው ባሌን፤ ትከሻውን መታ መታ እያደረገ። “ለማንኛውም አለሁ። አይዟችሁ።”

ኪሳራም ሙያ አለው፤ በዚያ ወቅት ተማርኩት። ደንበኞቹን አንድ በአንድ ደወልኩላቸው። “ዋናው ጤና ነው፣ አይዞሽ” ያሉኝ ሁሉ በዚያው ቀን ገንዘባቸውን የጠየቁ ናቸው። የሰደቡኝ ግን ብዙዎቹ ለከርሞ ይሁን ብለው ተስማሙ፤ ከዚያ ወዲህ የሚሰድበኝን ሰው አከብራለሁ። አንዱ ለራሱ የገዛውን ጫማ ዋጋ ካልከፈልሽኝ ብሎ ለሳምንት አደረቀኝ። ለቀሩት የሐይቅ ዳር ጉዞ አዘጋጀሁ። ተራራ ልወጣ ብሎ ወራት ሲሮጥ የከረመ ጎረምሳ፣ ከዳክዬ ጋር ሜዳ ላይ ተንሸራሸር ሲሉት ምን እንደሚል ገምቱት። ድንኳኖቹን ለአንድ ሥራ ተቋራጭ ሲሚንቶ መሸፈኛ አከራየኋቸው። የበረዶ ነፋስ ይችላሉ ተብለው የተገዙ ድንኳኖች መንገድ ዳር ሲሚንቶ አቅፈው ሲያድሩ እያየሁ ወደ ቤቴ እገባ ነበር። የሚገኘው ሁሉ ግን ለባንኩ ወለድ እንኳ አይደርስም። ባንኩ ለጋሼ ደብዳቤ ጻፈለት። ጋሼ ደብዳቤውን ይዞልኝ መጥቶ “አንብቢልኝ፣ ፊደሉ ደቃቃ ነው” አለኝ። አነበብኩለት። “እሺ” አለና አጥፎ ደረት ኪሱ ከተተው። ቢቆጣ ይሻለኝ ነበር።

ኢንሹራንስ እንዳለን ትዝ ያለኝ ያኔ ነው። በየዓመቱ ስንከፍልለት ጥርሴን የምነክስበት ነገር ነበር። ውሉን አውጥቼ አየሁት፤ ሥራችሁ በናዳ ምክንያት ቢቋረጥ ገቢያችሁን እንከፍላለን ይላል። በደስታ ብዛት እግሬ መሬት የነካ አልመሰለኝም።

መሥሪያ ቤቱ ውስጥ ያስተናገደችኝ ልጅ ጨዋ ነበረች። ወንበር ሰጠችኝ፣ ውሃ አመጣችልኝ፣ ውሉን እስከ መጨረሻው አነበበችው።

“እሺ እትዬ፣ ናዳው የወረደው መቼ ነው?”

“አልወረደም።”

“ይቅርታ?”

“ሊወርድ ነው። መንገዱን የዘጋነው ለዚህ ነው።”

እስክሪብቶዋን አስቀመጠችው። “እትዬ፣ ውሉ የሚለው ናዳ ነው። ፍርሃት አይልም።”

“እንግዲያስ ሰው እየሄደበት እስኪወርድ መጠበቅ ነበረብን?”

“እኔ እንደሱ አላልኩም።”

“ውሉ ግን እንደሱ ነው የሚለው።”

አዘነችልኝ መሰለኝ፣ ወረቀቱን መልሳ አገላበጠችው። ውሉ የሚያበቃው የጉዞው ወቅት ካለቀ ከወር በኋላ ነው፤ ዝናቡ ገብቶ ማለት ነው። “እስከዚያ ከወረደ ግን ችግር የለም” አለችኝ። “መንገዱ ከተዘጋበት ቀን ጀምሮ ያለውን ሁሉ እንከፍላችኋለን። ልክ ነበራችሁ ማለት ስለሆነ።”

“ካልወረደስ?”

“ካልወረደማ እግዜር ይመስገን ነው” አለች ፈገግ ብላ።

ሞኝና ወረቀት የያዘውን አይለቅም። ቢሆንም ከዚያ የወጣሁት ተስፋ ይዤ ነው። ነገሩ እንግዲህ ግልጽ ሆነ፤ ቋጥኙ ውሉ ከማብቃቱ በፊት ከወረደ የጋሼ ቤት ይተርፋል፣ ካልወረደ አይተርፍም።

ከዚያ ወዲህ ቤታችን የሚጠብቀው አንድ ነገር ሆነ። ባሌ ስንጥቁ ላይ ጀሶ ለጥፎበት ነበር። መሪዎቹ “ምስክር” ይሉታል፤ ቋጥኙ ከተንቀሳቀሰ ጀሶው ይሰነጠቃል። በየሳምንቱ ወጥቶ ሲመለስ ሰው የታማሚ ዘመዱን ሁኔታ እንደሚጠይቅ እጠይቀዋለሁ።

“ምስክሩ እንዴት ነው?”

“ተሰንጥቋል። አዲስ ለጠፍኩ።”

እኔ ደስ ይለኛል፤ እሱ ፊቱ ይጠቁራል። የሁለታችንም ድካም አንድ ይመስለኝ ነበር። የጉዞው ወቅት አልቆ የመጀመሪያው ዝናብ ሲጥል መስኮቱን ከፍቼ እጄን ዘረጋሁ። ውሃ ስንጥቁ ውስጥ ከገባ ያበቃለታል ብሎኝ ነበር፤ ስለዚህ ደመና ባየሁ ቁጥር ልቤ ይረካል። ጎረቤት ሁሉ ልብሴ አልደርቅ አለ እያለ ያማርራል፣ እኔ አዝንብልኝ እላለሁ። ዘነበ። ደግሞ ዘነበ። ቋጥኙ ግን ወይ ፍንክች። የቀበጡ ለታ ሞት አይገኝም ይባል የለ።

አንድ ቀን የበራችን ቦይ ሞልቶ ውሃ ወደ ቢሮው መግባት ጀመረ። አካፋ ፈልጌ አጣሁ። ባሌ ከውጭ ሲገባ ውሃውን በመጥረጊያ እያባረርኩ ነበር።

“አካፋው የት ገባ?” አልኩት።

“ላይ ነው።”

“ላይ የት?”

“ከቋጥኙ በላይ።”

“እዚያ ምን ይሠራል?”

ጫማውን ማውለቅ ጀመረ። ባሌ መዋሸት አይችልም፤ መዋሸት ሲፈልግ ጫማውን ያወልቃል።

“ቦይ ቀድጄለታለሁ” አለ በመጨረሻ። “ውሃው ወደ ስንጥቁ እንዳይገባ ወደ ጎን ይመልሰዋል። ዝናብ ባለ ቁጥር ደለል ይሞላዋል፤ እሱን እጠርጋለሁ።”

መጥረጊያውን ግድግዳው ላይ አስደገፍኩት።

“ቆይ፣ ልረዳህ” አልኩት። “እኔ እዚህ ቁጭ ብዬ ውረድ፣ ውረድ እለዋለሁ። አንተ እዚያ ወጥተህ አትውረድ፣ አትውረድ ትለዋለህ።”

“ከሥሩ ሰው ይሄዳል።”

“መንገዱ ዝግ ነው።”

“የተዘጋው ለኛ ነው። እንጨት ለቃሚዎቹ ማስታወቂያ አያነቡም። ባለፈው አንዲት ሴት ልጅ አዝላ ስታልፍ ደረስኩባት።”

“ታዲያ መልሳት።”

“መለስኳት። ነገስ ማን ይመልሳታል?”

“አንተ። ሂድና ወገቡ ላይ ቁም፣ የሚመጣውን ሁሉ መልስ። ቦዩን ብቻ ተወው። ጣለው አላልኩህም፤ ተወው ነው ያልኩህ።”

አሰበበት። ያሰበበት ለኔ ብሎ መሆኑ ይታወቀኛል። ከዚያ “ቀኑን ሙሉ ብቆምም ስዞር የሚያልፍ አይጠፋም” አለ። “እያወቅሁ ትቼው ቢወርድ የጣልኩት እኔ ነኝ።”

“ማንም አያውቅም።”

“እኔ አውቃለሁ።”

“እኔ አውቃለሁ” የሚል ሰው አግብታችሁ ታውቃላችሁ? ከሰካራም ጋር መኖር ይቀላል፤ ሰካራም ቢያንስ አንዳንድ ጊዜ ይረሳል።

“የጋሼን ቤትስ?” አልኩት። “እሱን የጣለው ማን ነው ይባል?”

ካልሲውን በእጁ እንደያዘ ደረጃውን ወጣ። በማግስቱ ጎህ ሲቀድ ሄደ። ቦዩን ሊጠርግ።

ሲብስብኝ ጋሼን ጠራሁት። ባሌ ከማንም በላይ የሚያከብረው እሱን ነው። ጋሼ መጥቶ ከጫማዎቹ መደርደሪያ አጠገብ ተቀመጠ። ባርኔጣውን ጉልበቱ ላይ አድርጎ ያዞረው ጀመር። ልመና የማያውቅ ሰው ነው።

“እንደው” አለው፣ “አንድ ሁለት ሳምንት ብትታመም ምን ይልሃል? ሰው ይታመማል። ታሞ የተኛን ሰው ማንም አይጠይቀውም።”

ባሌ አንገቱን ደፋ። “ጋሼ፣ አንተ ነህ ይህን የምትለኝ?”

ቃሉ ቀላል ነበር፣ በቁጣም አልነበረም። ጋሼ ግን ፊቱ ልውጥ አለ። ባርኔጣውን አደረገ፣ “ልክ ነህ ልጄ፣ እርሳው” ብሎ ወጣ። እስከ መታጠፊያው ተከተልኩት፤ ዞሮ አላየኝም። ከዚያ በፊት በየእሁዱ ይመጣ ነበር። ከዚያ በኋላ አልመጣም። እኔም ስሄድ ስፌት መኪናውን አያቆመውም፤ እየሰፋ ነው የሚያወራኝ። ባሌን በዚያ ቀን ጠላሁት። ትክክል ስለነበረ ነው የጠላሁት፤ ተሳስቶ ቢሆን ይቅር ለማለት መንገድ ነበረው።

ውሉ ያበቃበት ቀን ከጠዋት ጀምሮ ዝናቡ ያወርደዋል። መስኮቱ አጠገብ ተቀምጬ ዋልኩ። መኪና ባለፈ ቁጥር ብድግ እላለሁ፣ ድምፁ እየመሰለኝ። ባሌ እንደ ልማዱ ላይ ነበር። ሲመሽ እስከ ጉልበቱ ጭቃ ለብሶ ገባ። አልጠየቅሁትም፤ ፊቱን አይቼ ሁሉ ደህና መሆኑን አወቅሁ። ለኛ ካልሆነ በቀር ለሁሉም ደህና ነው።

ከጥቂት ቀን በኋላ ማኅበሩ ስለ መጪው ወቅት ተሰበሰበ። ባሌ ተነሥቶ ቋጥኙ አሁንም እንደሚያሰጋ ተናገረ። አለሁ እጁን አወጣ።

“ይህን ሁሉ ዝናብ ችሎ ቆሟል” አለ። “ከኔ ቤት ጣሪያ ይሻላል።”

ሰዉ ሳቀ።

“ቦይ ቀድጄለት ነው የቆመው” አለ ባሌ።

“በአካፋ የሚቆም ናዳ ደግሞ ምን ዓይነት ነው?” አለ አለሁ፤ ሰዉ አሁንም ሳቀ።

ሕጉ አንድ ሰው ያንኑ አደጋ ሁለት ዓመት በተከታታይ ካመለከተ ሌላ መሪ ሄዶ እንዲያይ ያዛል። ማን ሄዶ ይይ ሲባል አንዱ ጉልበቴን አለ፣ አንዱ ልጄ ታማለች አለ። ያየ መናገር አለበት፤ ስለዚህ ማንም አላየም። ሁለተኛ ቃል ስላልተገኘም መንገዱ እንዲከፈት ተወሰነ።

ደንበኞቻችን ለከርሞ ብለው የተዉልንን ቀብድ ባንኩ በልቶታል። አዲስ ወቅት የምንጀምርበት ነገር ስላልነበረን ሸጥን። የገዛን ያው አለሁ ነው። ለመጀመሪያ ጊዜ አለሁ ብሎ ተገኘ። ድንኳኑን፣ ገመዱን፣ ጫማውን፣ የስልክ ቁጥሩን፣ የቢሮዋን ኪራይ፣ የድርጅቱን ስም ሳይቀር ወሰደ። ባሌንም አብሮ ወሰደው፤ በደመወዝ መሪ ሆኖ ተቀጠረለት። በሽያጩ የብድሩ ትልቁ ክፍል ተከፈለ። የቀረው በየወሩ ከባሌ ደመወዝ ይቆረጣል። አንድ ወር ከጎደለ ባንኩ የሚሄደው ወደ ጋሼ ነው፤ ይህን አለሁም ያውቃል፣ በአከፋፈሉ ውል ላይ ምስክር ሆኖ ፈርሟል።

ርክክቡ ቀናት ፈጀ። አለሁ እያንዳንዱን ካስማ ካልቆጠርኩ ስላለ ባሌ ወደ ላይ መውጫ ጊዜ አላገኘም። “ቦዩ ሞልቶ ይሆናል” ይለኛል፤ እኔ ካስማ እቆጥራለሁ። አንድ ቀን ከቀትር በኋላ ጠረጴዛዬን በበሩ ልናወጣ እሱ በአንድ ጫፍ፣ እኔ በሌላ ጫፍ ይዘነው ነበር። ድምፁ ያኔ መጣ። ረጅም ነበር። የመስኮቱ መስታወት ተንቀጫቀጨ፣ መንገደኛው ሁሉ ቆመ። ባሌ ጠረጴዛውን እግሬ ላይ ሊጥለው ምንም አልቀረውም፤ ለቆት ሮጠ።

ውሉ ካበቃ ገና ወር አልሞላውም ነበር።

የጨው ተራራ ሲናድ ሞኝ ይስቃል፣ ብልህ ያለቅሳል ይላሉ። እኔ ጠረጴዛው ላይ ቁጭ ብዬ ሁለቱንም አደረግኩ። ሲመሽ ባሌ አቧራ ለብሶ ተመለሰ። “ማንም የለም” አለኝ። “ከሥሩ ማንም አልነበረም።” ደጋግሞ አለው። ከዚያ ግድግዳውን ተደግፎ አለቀሰ፣ ከደስታ ይሁን ከሌላ አልጠየቅሁትም። ላቅፈው ፈለግሁ፣ እጄ ግን አልታዘዝ አለኝ።

የኢንሹራንሷ ልጅ ጋ ደወልኩ። ለምን እንደደወልኩ እኔም አላውቅም።

“በጣም አዝናለሁ እትዬ፣ ቀኑ አልፎበታል” አለችኝ። ከዚያ ልታጽናናኝ ፈልጋ “ግን ልክ ነበራችሁ” አለችኝ።

“እሱ በነፃ ነው?” ብዬ ስልኩን ዘጋሁት።

ወቅቱ ሳይከፈት ማኅበሩ ፍርስራሹን አስጠርጎ ወገቡን አሰፋው። ቋጥኙ የነበረበት ቦታ ተገልጦ ሸለቆው ወለል ብሎ ይታያል፤ እንግዳ ሁሉ ፎቶ የሚነሣው እዚያ ሆነ። አለሁ “የናዳው ማረፊያ” ብሎ ሰይሞት ተጨማሪ ያስከፍልበታል።

በመጀመሪያው ጉዞ ጠዋት ባሌ የጉልበቱን ማሰሪያ ረስቶ ወረደ፤ ይዤለት ተከተልኩት። እንግዶቹ ሻይ ይዘው የድሮ ቢሯችንን ሞልተዋታል። አለሁ መሀል ቆሞ ያወራል።

“ከመነሣታችን በፊት አንድ ነገር ልንገራችሁ” ይላል። “ባለፈው ዓመት በዚህ ተራራ ላይ ስንጥቅ አየን። ያስገደደን የለም፣ ወቅቱን ሙሉ ዘጋን። ከሰርን። ተሳቀብን። ቋጥኙ ሲወርድ ግን ከሥሩ አንድም ሰው አልነበረም። እኛ ጋ ከትርፍ በፊት ሰው ነው።”

“ስንጥቁን ያየው ማን ነው?” አለ አንዱ እንግዳ።

አለሁ እጁን ባሌ ትከሻ ላይ ጣል አደረገ። “ይኸው፣ የኔ ልጅ ነው። ሂድና ጀርባውን እይልኝ ብዬ ላክሁት።”

ባሌ ተንበርክኮ የአንዲት ትልቅ ሴት የጫማ ክር እያላላ ነበር። ቀና አላለም። “እንዲህ አይጠብቅም እናቴ” አላቸው ሴትዮዋን። “ቁልቁለቱ ላይ ጣትዎን ያሳምምዎታል።”

ያን ሁሉ ጊዜ አፌን ዘግቼ አላውቅም፣ ያን ጠዋትም ልዘጋው አላሰብኩም። “ይቅርታ” ብዬ ጀመርኩ። ሁሉም ወደ በሩ ዞሩ። አለሁም አየኝ፤ ፈገግታው ንቅንቅ አላለም፣ ወሩ ሊያልቅ ስንት ቀን እንደቀረው ግን እሱም እኔም እናውቃለን። ጋሼ ስፌት መኪናው ላይ እንዳጎነበሰ ታየኝ።

“ባለቤቱ ናት” አላቸው አለሁ ለእንግዶቹ። “እንዴት እንደምትኮራበት ብታውቁ።”

አጨበጨቡ። ማሰሪያውን ብብቴ ውስጥ ሸጎጥኩና እኔም አጨበጨብኩ። ባሌ ከጫማው ላይ ቀና ብሎ ያየኝ ያኔ ነው።